ማክሰኞና ዓርብ

ያፌት ሲፒዩውን በብርድ ልብስ አቅፎ፣
ከኮዬ ፈጬ አንድ አውቶቡስ፣ ሁለት ታክሲ አልፎ፣
ፒያሳ፣ ምድር ቤት፣ ሱቄ ድረስ መጣ።
«ላገባ ስል» አለኝ፣ «ልክ ኳሷን ስመታ፣
ጌሙ አይዘጋም እኮ፤ ብቻ ቁልቁል ይወርዳል፣
ጣቴ ቁልፉ ላይ ነው፣ ሰውዬው ግን ይቆማል፤
የሆነ ሰው ከጓዳ የጠራኝ ይመስላል።»

«ቀላል ነው» አልኩት። ቀላል ያልኩት ሁሉ አስመሽቶኝ ያውቃል።
የመስኮት ምልክት ያለበት ቁልፍ ተጣብቆ ይሆናል፣
ነቅዬ ብጠርገው የቦምቦሊኖ ስኳር ከሥሩ ይዘረገፋል።
ማውሱን ቀየርኩ፣ አፕዴቱን አስቆምኩ፣
የማሳወቂያውን ደወል አንድ በአንድ አፈንኩ፣
አንቲቫይረሱን «እስቲ ተኛ» አልኩ፣
ጌሙን ከሙሉ ስክሪን አውጥቼ ጠርዝ በሌለው መስኮት ከፈትኩ።

ያፌት በርጩማው ላይ፣ እኔ ሰዓት ይዤ።
አስራ አንደኛው ደቂቃ፤ በረኛው ወድቋል፣ መረቡ ባዶ ነው፣
እግሩን ሲያነሳ ጨዋታው ወረደ።
«አየህ?» አለኝ፤ ክሱን እንደ ረታ ሰው ፊቱ ፈካ።

ከዚያ ወዲያ ማከም ትቼ ዘበኛ ሆንኩለት፤
«አሁን ከፊት የቆመው ማነው?» እያለ
በየሰከንዱ ስም የሚመዘግብ አስር መስመር ጻፍኩለት።
ውጭ ወያላው «አራት ኪሎ፣ አራት ኪሎ!» ይላል፣
የቁፋሮው ማሽን ከታች በኩል ያጓራል፤
መብራት አንዴ ሄደ፤ ከዜሮ ጀመርን።

መዝገቡ እንዲህ ይነበባል፦
ጌም። ጌም። ጌም። ጌም።
ውሃ።
ጌም።

ወርዱ ዜሮ፣ ቁመቱ ዜሮ የሆነ መስኮት፤
ከፊት ይቆማል፣ የሚያሳየው ነገር ግን የለበት፣
ለዓይን ቅጽበት ቆሞ ይመለሳል እንዳፈረ እንግዳ።

«ውሃ የሚባል ማነው?»
ያፌት ማዳመጫውን ካንገቱ ላይ አወረደ።
«ሶስና ናት» አለ። «እህቴ የጻፈችው ነው።
እዚሁ ታች ስንኖር፣ ሳይፈርስ፣
ውሃ ማክሰኞና ዓርብ ነበር፣ ከአስር ሰዓት በኋላ፤
ለስምንት አባወራ አንድ ቧንቧ።
እኔ ማዳመጫ ካደረግኩ እማዬም ብትጠራ አልሰማ፣
ጎረቤት ይቀድመናል፣ ጀሪካኑ ባዶውን ያድራል።
ሶስና ተናደደች። ሌሊቱን ተቀምጣ ሠራችው፤
ሰማያዊ ባልዲ ስክሪኑን ሞልቶ ‹ተነስ!› ይለኛል፣
ካልተነሳሁ በአስራ አንድ ደቂቃ ይመለሳል።
የባልዲው ሥዕል ሌላ ዲስክ ላይ ነበር፤
ዕቃ ስንጭን ጠፋ።»

ዛሬ ምን ቀን ነው ብዬ አልጠየቅኩትም፤
ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ቀን መቁጠሪያ ሁለታችንም አየነው።

ሶስና ሐዋሳ ሥራ ይዛለች።
ቤቱ የነበረበት ቦታ ሣር ሆኗል፤
ማታ ማታ በጎማ ያጠጡታል።

ጣቴን ማጥፊያው ላይ አድርጌ፣ «ላጥፋው?» አልኩት።
ወደ እኔ ሳይዞር ትንሽ ቆየ።
«አሁን እኛ ሰፈር ሐሙስ ነው የሚመጣው» አለ፤
«ሐሙስ አድርግልኝ። ግን ከፊቴ አይቁም፣ ጥግ ይያዝ።»

ከፊት የመቆም መብቱን ነሳሁት፣ ቀኑን ቀየርኩ።
ባልዲም ሣልኩ፤ ድስት መሰለ።
«የእሷ እጀታ ነበረው» አለኝ፤ እጀታ ጨመርኩ።
ሁለት መቶ ብር አወጣ፤ መቶውን መለስኩ፤ ለታክሲ።
ጨዋታውን እዚያው ጨረሰ። ሦስት ለባዶ ተሸነፈ፣
የሚያሳብብበት አልነበረውም።

ሱቄን ስዘጋ መሽቷል።
ሣር አጠጪው ጎማውን ክፍት ትቶት ሄዷል፤
ውሃው ጠርዙን አልፎ፣ አስፋልቱን ይዞ፣
የሚጠራው ሳይኖር፣ ባልዲ ሳይቀድመው፣
ወደ ቸርችል ቁልቁል ይወርዳል።

ዓርብ ነው።